ሁሉም ዋንዛ አይደለም፦ ጎንደር ላይ እንጨት ለሚገዛ ሰው

«ዋንዛ ነው አይደል?»

ቅዳሜ ገበያ አጠገብ ወዳለችው የሥራ ቤቴ የሚገባ ሰው ከሰላምታ ቀጥሎ የሚጠይቀኝ ይህንን ነው። አልጋም ይሁን በር፣ ብፌም ይሁን በርጩማ፣ ለሁሉም ዋንዛ። ዋንዛን እኔም እወደዋለሁ፤ ልጆቼን ያሳደግሁት በእሱ ነው። ነገር ግን በ19 ዓመት የአናጺነት ሥራዬ ሁለት ስህተት ሲደጋገም አይቻለሁ። አንዱ ዋንዛ ነው ተብሎ ቀለም የተቀባ ሌላ እንጨት ተሸክሞ መሄድ ነው። ሁለተኛው የባሰ ነው፦ እውነተኛ ዋንዛ በውድ ገዝቶ ዋንዛ የማይችለው ቦታ ላይ ማዋል። ጣውላ ገዝታችሁ ለአናጺ የምታስረክቡም ሆናችሁ መጋዝ ይዛችሁ ራሳችሁ የምትሞክሩ፣ ገበያ ከመውጣታችሁ በፊት ይህችን አንብቡልኝ።

ጣውላውን ስትፈትሹ

ከቤት ስትወጡ ሴንጢ፣ ሜትርና በሃይላንድ ትንሽ ውኃ ያዙ። ሻጩ የሚያሳያችሁ የጣውላውን ፊት ነው፤ እናንተ ጫፉን እዩ። ፊቱ አቧራ ይለብሳል፣ ፀሐይ ያጠቁረዋል፣ ቀለምም ይቀባል። ሻጩን አስፈቅዳችሁ ከማይታይ ጠርዝ ላይ ጥፍር የምታህል ፋቅ ፋቅ አድርጉ። ከላይ ቀይ ሆኖ ከሥር የገረጣ ከወጣ ቀለም ነው። የዋንዛ ልብ ግን ከላይም ከሥርም ያው ቀላ ያለ ቡናማ ነው፤ ዙሪያውን የከበበው የልጡ ወገን ብቻ ነው ነጣ የሚለው። የፋቃችሁትን ቦታ በውኃ አርጥቡት። ያን ጊዜ የምታዩት ቀለም ቫርኒሽ ሲነካው የሚኖረው መልክ ነው፤ ሻጭም አናጺም ከዚህ የተሻለ ናሙና አያሳያችሁም።

ቀጥላችሁ በአውራ ጣት ጥፍራችሁ ጫን በሉት። ዋንዛ ለስላሳ ስለሆነ ምልክት ይቀበላል፤ ባሕር ዛፍ ጥፍራችሁን ይመልስላችኋል።

ከዚያ አንሡት። ውፍረቱ 2 ሳንቲ ሜትር ተኩል፣ ስፋቱ 20፣ ርዝመቱ 3 ሜትር የሆነ የደረቀ የዋንዛ ጣውላ ከ6 እስከ 8 ኪሎ ቢመዝን ነው። ያው ልክ ባሕር ዛፍ ከሆነ 10 ኪሎን ያልፋል። ወይራ ቢሆን ወደ 15 ይጠጋል፤ በዚያ ልክ የወይራ ጣውላ ማግኘት ግን ዘበት ነው። እዚህ ላይ ሻጩ «እሱ እኮ ዋንዛ ነው፣ ትንሽ እርጥበት ስላለው ነው የከበደው» ሊላችሁ ይችላል። እውነቱን ሊሆን ይችላል። ግን ከባድ ጣውላ ወይ ዋንዛ አይደለም፣ ወይ አልደረቀም፤ በሁለቱም ምክንያት ጥላችሁት ሂዱ።

አፍንጫችሁንም አትርሱ። አዲስ እርሳስ ሲቀረጽ የሚሸተውን ታውቁታላችሁ? ጽድ እንደዚያ ይሸታል፤ ጽድና መሰሎቹ ራሳቸው ለእርሳስ ሥራ የሚውሉ እንጨቶች ናቸው። «የሐበሻ ጽድ ነው» ተብላችሁ በፋቃችሁት ቦታ ላይ ያ ሽታ ከሌለ ጥርጣሬ ይግባችሁ።

ያልደረቀ እንጨት

ስለ እንጨት ዓይነት ብዙ ይወራል፤ ስለ ድርቀቱ የሚጠይቅ ግን ጥቂት ነው። እኔም ሥራ በጀመርሁ በአምስተኛው ዓመት አልጠየቅሁም ነበር። ማራኪ ሰፈር የሚኖሩ አንዲት እናት ለሰርቪስ ቤታቸው የጓዳ በር አዘዙኝ። ነሐሴ ነበር። ዋንዛውን ከመኪና ላይ ገዛሁ፤ ባለቤቱ ዓመት የሞላው ነው አለኝ፣ ጫፉም የደረቀ ይመስል ነበር። (ጫፍ ሁልጊዜ ቀድሞ ይደርቃል፤ ያን ጊዜ ይህንን አላውቅም።) በሩ ቆንጆ ሆኖ ተገጠመ። ጥር ላይ ስልክ ደወሉልኝ። ስደርስ ጣውላዎቹ እርስ በርስ ተራርቀው፣ መሐለኛው ከላይ እስከ ታች ተሰንጥቆ፣ በስንጥቁ የጎረቤት ዶሮ ትታያለች። እማማ እጃቸውን አጣጥፈው ቆመው፣ «ልጄ፣ በር ሥራልኝ አልኩህ እንጂ መስኮት ክፈትልኝ አልኩህ?» አሉኝ። በራሴ ወጪ እንደገና ሠራሁት። ያ በር ያስተማረኝን አጎቴ በሦስት ዓመት ነግሮኝ አልሰማሁትም ነበር።

ነገሩ እንዲህ ነው። እርጥብ እንጨት ውስጥ ሁለት ዓይነት ውኃ አለ፦ በእንጨቱ ቀዳዳዎች ውስጥ ያለና ግድግዳው ራሱ የጠጣው። የቀዳዳው ሲወጣ እንጨቱ ይቀላል እንጂ አይጠብም። መጥበብ የሚጀምረው እርጥበቱ ከደረቁ እንጨት ክብደት ወደ 30 በመቶ ገደማ ሲወርድ፣ ግድግዳው የጠጣውን መልቀቅ ሲጀምር ነው። በርዝመቱ የሚያጥረው እዚህ ግባ አይባልም። በስፋቱ ግን ይጠባል፤ ቀለበቱን ተከትሎ የሚጠበው ደግሞ ከመሐል ወደ ልጡ ካለው አቅጣጫ ሁለት እጥፍ ያህል ስለሆነ ጣውላው እንደ ቀለበቱ አቀማመጥ ይጎብጣል። ለዚህ ነው ጫፉን እዩ ያልኋችሁ። ጫፉ ላይ ያሉት መስመሮች ቀጥ ብለው ከቆሙ ጣውላው ብዙም አይጣመምም። እንደ ቀስተ ደመና የጎበጡ ከሆነ ለበር ፊት አትመኑት፤ ለመደርደሪያ ይሁንላችሁ።

ማድረቅ ለሚፈልግ ሰው ከአጎቴ የወረስሁትን ልንገራችሁ። በብሎኬት ላይ ከመሬት 40 ሳንቲ ከፍ አድርጋችሁ ደርድሩ። በየጣውላው መሐል 2 ሳንቲ ተኩል ውፍረት ያላቸው ደረቅ ማራራቂያዎች በየ50 ሳንቲው አድርጉ። የላይኛው ማራራቂያ በትክክል በታችኛው አናት ላይ ይዋል፤ ካልዋለ ጣውላው በክረምት የጎበጠች አጣና መስሎ ይጠብቃችኋል። ከላይ ቆርቆሮ፣ በቆርቆሮው ላይ ድንጋይ። ጎኑ ለነፋስ ክፍት ይሁን፣ ፀሐይ ግን ፊት ለፊት አትምታው። ጫፍ ጫፉን የተረፈ የዘይት ቀለም ወይም የቀለጠ ሻማ ቀቡት፤ ውኃው በጫፉ ቶሎ እየወጣ እንዳይሰነጥቀው ነው። ብዙ አናጺ የሚከተለው ልማድ ለአንድ ኢንች ውፍረት አንድ ዓመት ነው። የእኛ በጋ ደረቅና ነፋሻ ስለሆነ ጥቅምት ላይ የደረደርሁት የኢንች ዋንዛ ግንቦት ላይ ለሥራ የደረሰልኝ ጊዜ አለ፤ ባሕር ዛፍ ግን እንዲህ አይቸኩልም።

መድረሱን በዓይን አትገምቱ። አንዱን ጣውላ ምልክት አድርጋችሁ በየወሩ መዝኑት። ክብደቱ መቀነስ ሲያቆም ከአየሩ ጋር ተስማምቷል ማለት ነው። በአኃዝ ማወቅ የፈለገ ከጣውላው መሐል (ከጫፉ አይደለም) ትንሽ ቁራጭ ቆርጦ ይመዝን። እኔ የሰፈራችን ባለሱቅ ቡና በሚመዝንበት ሚዛን ነው የምመዝነው። ከዚያ ቁራጩን ዳቦ ቤት ወስዶ፣ ዳቦው ወጥቶ ምድጃው በረድ ሲል አስገብቶ፣ ክብደቱ እስኪቆም ደጋግሞ ማድረቅ ነው፤ እንዳይከስል ተጠንቀቁ። 46 ግራም የነበረው 40 ግራም ላይ ከቆመ 6 ግራሙ ውኃ ነው፤ 6 ለ40 ሲካፈል 15 በመቶ። ከ12 እስከ 15 ለቤት ዕቃ ጥሩ ነው። 20 ከሞላ መልሳችሁ ደርድሩት። ከ20 በላይ እርጥበት ይዞ የሚኖር እንጨት ብስባሴም ይይዘዋል።

ደብረ ብርሃን ሥላሴ ገብታችሁ የመላእክቱን ፊት ቀና ብላችሁ ስታዩ፣ እኔ የሙያ በሽታ ሆኖብኝ የማየው የጣሪያውን እንጨት ነው። ጣሪያው ከውኃ ከጠበቀው፣ እንጨት የስንት ትውልድ ሰው ይሸኛል።

ወደ በሩ ልመለስ። ከሰኔ እስከ መስከረም ያለው ዝናባችን ደረቁንም እንጨት ያሳብጠዋል። ስለዚህ የካቲት ላይ በር ስታስገጥሙ ከመቃኑ ጋር በየጎኑ ከ3 እስከ 4 ሚሊ ክፍተት እንዲተውላችሁ ጠይቁ። ነሐሴ ላይ ከሆነ አስቀድሞ ስላበጠ 2 ሚሊ ይበቃዋል። ክረምት በገባ ቁጥር በር እየተላገ፣ በጋ ሲመጣ ደግሞ ሰፍቶ ነፋስ የሚያስገባው ይህ ሳይታሰብ ሲቀር ነው። የበሩን የላይኛውንና የታችኛውን ጠርዝም ቫርኒሽ ይቀቡላችሁ። ማንም አያየውም ብሎ የማይተወው አናጺ ካገኛችሁ ስልክ ቁጥሩን ያዙ።

ዋንዛ የሚሆንበትና የማይሆንበት

ዋንዛ ለመላጊያና ለመሮ ይታዘዛል፣ ምስማር አይሰነጥቀውም፣ ከደረቀ በኋላ ብዙ አይለዋወጥም። ለብፌ፣ ለቁም ሣጥን፣ ለአልጋ ራስጌ፣ ለበር ፊት፣ ከአንድ ግንድ ለሚፈለፈል በርጩማና ገበታ የሚወዳደረው የለም። ከበሮም ከእሱ ይፈለፈላል፤ ቀላል ስለሆነ አንገት ላይ ተንጠልጥሎ ሌሊቱን ሙሉ ማሕሌት ይቆማል።

የማይሆነው ለደፍ ነው። በሩን ዋንዛ ያደረገ ሰው እግር የሚረግጠውንም ዋንዛ ያደርገዋል፤ ልጆች ሲወጡ ሲገቡ በጥቂት ዓመት መሐሉ እንደ ኮርቻ ይጎደጉዳል። ለዘነዘናም አይሆንም፣ መሬት ለሚገባ ቋሚም አይሆንም። የመመገቢያ ጠረጴዛውን ዋንዛ ካደረጋችሁ ድስት እየጎተቱ እንዳያሳርፉበት ለቤተሰቡ ንገሩ። እኔ ቤት ያለው ጠረጴዛ የልጄን የሂሳብ የቤት ሥራ እስከ ዛሬ ያስነብባል፤ ወረቀቱን አልፎ እንጨቱ ላይ ጽፎበታል።

ጽድ

መሬት ለሚነካ ነገር ጽድ ነው። ለደፍ፣ ለመቃን፣ ለአጥር ቋሚ፣ ምስጥ ለሚበዛበት ወደ ቆላው ለሚሠራ ቤት። ውስጡ ያለው ዘይት ምስጡንም ብስባሴውንም ያርቀዋል። ነጩ የዳር ክፍል ግን ያ ዘይት ስለሌለው ቶሎ ይበላል፤ የምትከፍሉት ለቀዩ ልቡ ይሁን። ለጋቢና ለጥልፍ ቀሚስ ማስቀመጫ ሣጥን የውስጡን ጽድ አድርጋችሁ ያለ ቫርኒሽ ተዉት፣ ብል አይደፍረውም። ምግብ የሚነካ ዕቃ ግን አትሥሩበት፤ ሽታው ወጡ ውስጥ ይገባል። ሲመታም ይሰነጠቃል፣ ስለዚህ ከምስማሩ ቀጠን ባለ መሰርሰሪያ ቀዳዳውን አስቀድሙ።

አዲስ ጽድ ማግኘት ከባድ ነው፣ መሆንም አለበት። በ1986 ዓ.ም. የወጣው የደን አዋጅ ጽድን፣ ዋንዛን፣ ኮሶንና ዝግባን ከመንግሥት ደን መቁረጥን ከልክሎ ነበር፤ ዛሬም ቢሆን የአገር በቀል እንጨት ስትገዙ የመቁረጫና የማጓጓዣ ፈቃዱን ጠይቁ። መንገድ ላይ የሚወረሰው ሻጩ ሳይሆን እናንተ የጫናችሁት ነው። እኔ ጽድ የምገዛው ከሚፈርሱ የድሮ ቤቶች ነው። ስድሳ ዓመት በጭስ ውስጥ የኖረ ወራጅ ከላይ ከሰል ይመስላል፤ መላጊያ ሁለት ጊዜ ሲያልፍበት ወይን ጠጅ የመሰለ ቀለም ይወጣና ቤቱ በሽታው ይሞላል። እዚህ ላይ አንድ ምክር፦ ከተበላሸ ራዲዮ ድምፅ ማጉያ ያወጣሁትን ማግኔት በክር አንጠልጥዬ በእንጨቱ ላይ አንቀሳቅሳለሁ። ክሩ ዘንበል ካለ ውስጡ ምስማር አለ። ይህንን ሳላደርግ አንድ የመጋዝ ምላጭ ጥርሱን አራግፌያለሁ።

ባሕር ዛፍ

ባሕር ዛፍ በምኒልክ ጊዜ በ1880ዎቹ ዓ.ም. ከገባ ወዲህ አገሩን የሠራው እሱ ነው፤ ሰው ግን እንደ ድሃ ዘመድ ያየዋል። ያለ አግባብ ነው። ለቋሚ፣ ለማገር፣ ለወራጅ፣ ለሞራሌ፣ ለመወጣጫ ርብራብ በዋጋውም በጥንካሬውም ይሆናል። ጠንካራና ከባድ ነው። ጠባዩ ግን ክፉ ነው፦ እርጥቡን ተሰንጥቆ ጣውላ ከሆነ 20 ሳንቲው እስኪደርቅ ከ1 ሳንቲ በላይ ሊጠብ፣ እግረ መንገዱንም ሊጠማዘዝ ይችላል። ግንዱ ከተቆረጠ በኋላ እንኳ በውስጡ የታመቀው ውጥረት ገና መጋዙ ሳይወጣ ጣውላውን ሲያጎብጠው ታያላችሁ።

አጣና ስትገዙ በበጋ የተቆረጠ፣ ወዲያው የተላጠ ይሁን፤ ልጡ ያልተላጠ በሥሩ ነፍሳት ያረባል። ምስማር ከመምታታችሁ በፊት ጫፉን በመዶሻ ደፈቅ አድርጉት። ሹሉ ጫፍ እንጨቱን እንደ ሽብልቅ ይከፍለዋል፤ የደነዘው ግን እየሰበረ ስለሚገባ ስንጥቁ ይቀንሳል። መሬት የሚገባውን ክፍል ብዙ ሰው የተቃጠለ የሞተር ዘይት ይቀባዋል፤ ዕድሜውን ያራዝመዋል፣ የጓሮ አትክልትና የውኃ ጉድጓድ አጠገብ ግን አታድርጉት። ከሁሉ የሚሻለው ቋሚውን ከመሬት በላይ በድንጋይ መሠረት ላይ ማሳረፍ ነው።

የቀሩት ባጭሩ

ኮሶ ከደባትና ከደባርቅ ወገን ይመጣል፤ ቀይነቱ ዋንዛን ያስንቃል፣ ነገር ግን ነቀዝ ይወደዋል። ከሥሩ እንደ ዱቄት የደቀቀ ነገር ካያችሁ አትግዙት። ዝግባ ቢጫማ፣ ቀጥ ያለ፣ ጉጥ የማይበዛበት፣ ለቤት ውስጥ ብቻ የሚሆን ነው። እዚህ ገበያ ዝግባ ተብሎ የሚሸጠው ብዙ ጊዜ የፈረንጅ ጽድ ነው፤ ጉጡን ቁጠሩ፣ ከበዛ ዝግባ አይደለም። የፈረንጅ ጽድ መጥፎ እንጨት አይደለም፣ ለኮርኒስና ለመደርደሪያ ይበቃል፤ በስሙ ካልተሸጠ ነው ችግሩ። ግራቪሊያም እንዲሁ፦ ሲላግ የሚያብረቀርቅ ጠቃጠቆ ያለው፣ ለካቢኔ የሚያምር እንጨት ነው። ብሳና ቀላልና ደካማ ነው፤ ለምድጃም ቢሆን ጭሱ ዓይን ያነዳል። ቺፑድና ኤምዲኤፍ የምትሉ፣ ግድግዳችሁ ክረምት የሚያልብ ከሆነ ከግድግዳው 5 ሳንቲ አርቁት፤ አንዴ ውኃ ጠጥቶ ካበጠ አይመለስም።

ወይራ

ወይራን ለመጨረሻ ያስቀመጥሁት ብዙ ጊዜ የማልሠራው ነገር ግን ከሁሉ የማከብረው ስለሆነ ነው። በደንብ ያልደረቀው ውኃ ላይ ስትጥሉት ይሰጥማል። መሮውን ያደንዛል፣ ምስማሩን ያጣምማል፣ አናጺውን ያስረግማል። የመጥረቢያ ዛቢያ፣ ዘነዘና፣ ማማሰያ፣ ከዘራ፣ የማረሻ ድግር፦ እነዚህ ከወይራ ከሆኑ የልጅ ልጅ ይወርሳቸዋል። ዛቢያ ስትመርጡ መስመሩ ከጫፍ ጫፍ ሳይቋረጥ የሚሄደውን ውሰዱ። በመሐል ወደ ጎን የሚወጣ ከሆነ አንድ ቀን በዚያው ይሰበራል፣ ምላጩም ወዴት እንደሚበር አይታወቅም። ከፈለጣችሁት በኋላ በጥላ፣ ጫፉን ቀብታችሁ፣ ቀስ ብሎ ይድረቅ። ወይራ ከተጣደፈ ይሰነጠቃል።

ማማሰያና ገበታ ቫርኒሽ አይቀባም። የተልባ ዘይት በጨርቅ ስስ አድርጋችሁ ቀቡ፣ አንድ ሌሊት አሳድሩ፣ ድገሙ። ጨርቁን ግን ጠቅልላችሁ ጥግ እንዳትጥሉት፤ የተልባ ዘይት ሲደርቅ ይሞቃል፣ የተጠቀለለ ጨርቅ ራሱን በራሱ ሊያቃጥል ይችላል። ዘርግታችሁ አድርቁት ወይም ውኃ ውስጥ ንከሩት።

የወይራ ፍቅፋቂና ቁራጭ እኔ አልጥልም። ከጎኔ ጠላ የሚሸጡ እትዬ አሉ፣ ቅዳሜ ቅዳሜ ማታ መጥተው ለጋን ማጠኛ ይወስዱታል፤ በምትኩ አንድ ጣሳ ይተዉልኛል። አንድ ቀን ወይራው አንሶብኝ ከታች በኩል የባሕር ዛፍ ስንጥር ደባልቄ ሰጠኋቸው። ከረጢቱን ገና ሳይሸከሙት ከፈት አድርገው አፍንጫቸውን አስጠጉ። ከዚያ ቁጭ ብለው አንድ በአንድ እየለቀሙ የባሕር ዛፉን እግሬ ሥር ከመሩት። «አንተ ልጅ፣ ይኼንንስ ለእንጀራ ምጣድ ስጠው» አሉኝ፣ ጣሳውንም መልሰው ይዘውት ሄዱ።